ትወና ለምትወዱ የደሴና የኮምቦልቻ ልጆች

«ጋሼ፣ ዕድሜ ልክዎን ረዳት ተዋናይ ሆነው ሲሠሩ አይቆጭዎትም?» ብሎ የጠየቀኝ አንድ የደሴ ሆጤ ሰፈር ልጅ አለ። ይቆጨኛል። ግን እሱ ባሰበው ነገር አይደለም።

ኮምቦልቻ የተቀረጸ አንድ ፊልም ነበር። በጀት የሚባል የለውም። ዳይሬክተሩ ካሜራውን ራሱ ይይዛል፤ ምሳ የምታበስልልን የአንዱ ተዋናይ እናት ናት። የኔ ሚና እህል ተሸካሚ ነው፤ ንግግር የለውም ማለት ይቻላል። ቀረጻው እስኪደርስ ደሴ ሰኞ ገበያ እየሄድኩ ተሸካሚዎቹን አያለሁ። አንድ ሽማግሌ ዓይኔን ያዙት። ኩንታሉ ትከሻቸው ላይ ከመውጣቱ በፊት ትንፋሻቸውን ዋጥ ያደርጋሉ። ሲያወርዱ አይጥሉትም፤ እንቅልፍ እንደወሰደው ሕፃን ቀስ አድርገው ነው የሚያስቀምጡት። ከዚያ ወገባቸውን ከማሸታቸው በፊት ዞር ብለው ሰው እንዳያያቸው ያረጋግጣሉ። ያቺን ዞር ማለት ወሰድኳት።

ቀረጻው ላይ እንዳየሁት አደረግሁት። ሁሉን ነገር የሚያስደግመው ዳይሬክተር ያን ዕለት «ድገመው» አላለም።

ለሽማግሌው ነገርኳቸው። በፊልሙ ምርቃት ቀን ለዒድ የሚለብሷትን ኮት ለብሰው መጡ። ትዕይንቱ የለም። ፊልሙ ረዝሟል ተብሎ ኤዲቲንግ ላይ ወጥቷል። መብራት ሲበራ «የትኛው ጋ ነበርኩ?» አሉኝ። በኋላ ለእሳቸው ብዬ ቀረጻውን ባፈላልግ፣ ሃርድ ዲስኩ ላይ ሌላ ሥራ ተጭኖበታል። አሁን በሕይወት የሉም። የሚቆጨኝ ይሄ ነው።

ትዕይንት መቆረጡስ ያለ ነው፤ ፊልም መጨረሻ ላይ የሚሠራው ኤዲቲንግ ክፍል ውስጥ ነው። ይህን እያወቅሁም ያቺ ትዕይንት አሁን ድረስ ታንገበግበኛለች።

እኔ ያደግሁት መድረክ እያየሁ ነው። የወሎ ላሊበላ ኪነት ቡድን መድረክ ላይ ሲጫወት እኛ ልጆቹ ከኋላ ቆመን ነበር፤ ድምፃቸው እኛ ጋ ይደርሳል። ካሜራ ፊት ስቆም ያንን ሁሉ መቀነስ ነበረብኝ። ክሎዝ አፕ ላይ፣ ፊትህ ብቻ ስክሪኑን ሲሞላው ማለት ነው፣ ቅንድብ ማንሳት ጩኸት ነው። ደግሞ ትዕይንቱ ከሌላ አቅጣጫ ሲደገም፣ ሲኒውን የያዝክበት እጅ ከተቀየረ ሁለቱ ቀረጻዎች ሲቀጠሉ አይገጥሙም።

የዛሬ ልጆች ቶሎ መታየት ትወዳላችሁ። ቲክቶክ ላይ የወሎ ገበሬ ስትጫወቱ አያለሁ፤ «አብሽር» ማለትና አፍ ማጣመም ብቻ። ይሄ ያናድደኛል። አያቶቻችሁ እኮ ናቸው! የዳይሬክተር ኃይሌ ገሪማን ፊልም «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» እዩት። በጥቁርና ነጭ፣ በ16 ሚሊሜትር ፊልም፣ ትወና ሙያቸው ባልሆነ ሰዎች ጭምር ተሠርቶ ይኸው እስከ ዛሬ ይታያል። ገበሬው እዚያ ማላገጫ አይደለም።

ስልካችሁን አስቀምጡና ገበያ ውጡ። ወይም ይዛችሁት ውጡ፤ እኛ ስልክ ቢኖረን ኖሮ የሽማግሌውን ኩንታል አወራረድ አስፈቅጄ እቀርጸው ነበር።

አዲስ አበባ እንሂድ ወይ ለምትሉ፣ እኔ ሄጄ ተመልሻለሁ፤ እናንተም ሄዳችሁ እዩት። ሰዓት አክብሩ ምናምን አልላችሁም፣ ታውቁታላችሁ። ክፍያ ባይኖረው እንኳ ውል ተፈራረሙ። ውሉ ላይ የሠራችሁትን ትዕይንት ቅጂ እንደምትወስዱ አስጽፉ፤ ተቆርጦ የወጣውንም ጭምር። በፍላሽ ይሰጧችኋል። እንደኔ ሽማግሌ አኳኋኑን የተዋስከው ሰው ካለ፣ ቅጂውን መጀመሪያ ለእሱ አሳየው።