ያለ ቀለም የሚጽፈው አስማተኛ ብዕር፤ ሻማውን ትተው እርድ ይያዙ

ጥያቄው የመጣው ከአንድ የትምህርት ቤት የቴአትር ክበብ አሰልጣኝ ነው። በተውኔታቸው ውስጥ ልዕልቷ ያለ ቀለም የሚጽፍ አስማተኛ ብዕር አላት፤ የጻፈችው ቃል የተዘጋውን በር ይከፍታል፣ ጠንቋዩ ደግሞ እፍ ብሎ ያጠፋዋል። በሎሚ ጭማቂ ጽፈው ሻማ ሲያስጠጉበት ወረቀቱ እንዳለ ጠቆረ፣ በሁለተኛው ልምምድ ጠርዙ ተቀጣጠለ፣ ከኋላ የተቀመጠውም ምንም አላየም።

ሻማውን ዛሬውኑ ከመድረኩ ያውጡት። በሎሚ የተጻፈ ፊደል የሚታየው ሎሚው የነካው ቦታ ከቀረው ወረቀት ትንሽ ቀድሞ ስለሚያር ነው። ልዩነቱ ጠባብ ነው፤ ነበልባል ደግሞ አንዱን ጥግ ሲያነድ ሌላውን በቅጡ አያሞቀውም። ጠረጴዛ ላይ በካውያ ለአንድ ሰው ማሳየት ይቻላል፤ ልጆች የሚጫወቱበት መድረክ ላይ ግን አይሞከርም።

ለእርስዎ የሚሆነው እርድ ነው። የእርድ ቢጫ ቀለም ሶዳ ሲነካው ወደ ቀይ ቡናማ ይለወጣል፤ ሎሚ ሲያገኘው ቢጫነቱ ይመለሳል። እርድ ያለበት ወጥ የፈሰሰበት ነጭ ልብስ ሳሙና ሲያርፍበት የሚቀላው በዚሁ ምክንያት ነው። ስለዚህ የሚጻፍበት ጨርቅ እንደ አሮጌ ብራና ቢጫ ይሁን፣ በብዕሩ ውስጥ ውሃ የሚመስል የሶዳ ፈሳሽ ይግባ። ሎሚውንም አይጣሉት፣ ለጠንቋዩ ይፈለጋል።

አንድ ሜትር አቡጀዲ ይግዙ። አዲስ አቡጀዲ አሚዶ ስለሚኖረው በሙቅ ውሃና በሳሙና ይጠቡት፤ ከዚያ አራት አምስት ጊዜ ያለቅልቁት። እዚህ ላይ መቸኮል ሥራውን ያበላሻል፦ ሳሙና የቀረበት ቦታ እርዱ ውስጥ ሲገባ ገና ሳይጻፍበት ይዥጎረጎራል። ያ ከደረሰ ጥቂት የሎሚ ጠብታ ባለበት ውሃ ነክረው እንደገና በንጹህ ውሃ ያለቅልቁት። ሎሚው ከበዛ ደግሞ ጨርቁ ላይ የቀረው አሲድ ሶዳውን ይበላውና ፊደሉ ይደበዝዛል። 3 የሾርባ ማንኪያ እርድ በ4 ሊትር ውሃ ለ30 ደቂቃ ያንተክትኩ፣ እርጥቡን ጨርቅ ሌላ 30 ደቂቃ ውስጡ ያቆዩት፣ ጨምቀው ጥላ ላይ ያስጡት። ፀሐይ የእርድን ቀለም ቶሎ ያገረጣዋል።

ለፈሳሹ የሚያስፈልገው ቤኪንግ ሶዳ ነው። ቤኪንግ ፓውደር አይሆንም፤ አሲድ አብሮ ስለተቀላቀለበት ቀለሙን አይለውጥም። ሶዳው እንዳለ ከተጠቀሙበትም የሚያገኙት ፈዛዛ ብርቱካንማ ነው። 2 የሾርባ ማንኪያ ሶዳ በደረቅ የብረት መጥበሻ፣ መካከለኛ እሳት ላይ 20 ደቂቃ ያህል እያማሰሉ ያሙቁት። ዱቄቱ እንደሚፈላ ነገር ይንቀሳቀሳል፤ እንፋሎትና ጋዝ እየወጣ ነው። እንቅስቃሴው ሲቆም ጠንካራው የልብስ ሶዳ ሆኗል ማለት ነው። ሲቀዘቅዝ 1 የሻይ ማንኪያ በግማሽ ብርጭቆ ለብ ያለ ውሃ ያሟሙ። ዓይን ያቃጥላል፣ ቆዳ ይቆጠቁጣል፤ አዋቂ ሰው ጓንት አድርጎ ያዘጋጀው፣ ልጅቷም ብዕሩን ወደ ሰው ፊት አታወዛውዝ። እጅ የሚያህል ቁራጭ ጨርቅ አስቀርተው በእሱ ላይ ይሞክሩ።

ብዕሩ የአውራ ጣት ውፍረት ያለው ሸምበቆ ይሁን። ከላይ በአንጓው እንደተደፈነ ይተዉት፣ ከታች ክፍት ይሁን። የቀለጠ ሰም ውስጡ ጨምረው እያዟዟሩ ያፍስሱ፤ አለበለዚያ ሸምበቆው ፈሳሹን ይመጠዋል። በአንጓው ሥር በጋለ ወስፌ አንዲት ቀዳዳ ይብሱ። ክፍቱን አፍ ወደ ላይ አዙረው፣ ቀዳዳዋን በጣት ይዘው ፈሳሹን እስከ ግማሽ ይሙሉ፤ አፉን በስፖንጅ ጠበቅ አድርገው ይድፈኑት፣ ስፖንጁ 1 ሳንቲ ሜትር ወደ ውጭ ይውጣ። ቀዳዳዋ የብዕሩ ቁልፍ ናት፦ ጣት ሲያርፍባት አየር ስለማይገባ ፈሳሹ ይቆማል፣ ጣት ሲነሳ ይወርዳል። ልጅቷ በተራ ውሃ ደጋግማ ትለማመድ፤ ጣቷን ቀድማ ካነሳች ከፊደሉ ሥር ቀይ መስመር ወደ ታች ይንዠቀዠቃል።

ከኋላ ያለው ተመልካች እንዲያነብ ፊደሉ ከ12 እስከ 15 ሳንቲ ሜትር ቁመት ይኑረው። ቃሉንም ይምረጡት። «ቁልፉ ይሰበር» ብትጽፍ የ«ቁ»ና የ«ፉ» ቅጥያ ስፖንጁ ውስጥ ሰጥሞ ይቀራል። «ተከፈተ» ብትጽፍ አራቱም ግዕዝ ናቸው፣ ቅጥያ የላቸውም፣ ከሩቅ ይለያሉ። መብራቱ ነጭ ይሁን፤ ቀይ መብራት ጽሑፉን ይውጠዋል።

ጠንቋዩ እጅጌው ውስጥ ትንሽ የፕላስቲክ መርጫ ይያዝ። የሎሚውን ጭማቂ በጨርቅ አጥልለው ውሃ ሳይጨምሩ ይሙሉት፤ ካልተጠለለ አፉን ይደፍነዋል። አንድ ርጭት አይበቃም፣ ለእያንዳንዱ ፊደል ሦስት አራት ጊዜ ያስፈልጋል፤ ስለዚህ የ«እፍ» ትርኢቱን ረዘም አድርገው ያዘጋጁት። ሲረጭ ከጨርቁ ፊት ማንም አይቁም።

ከትርኢቱ በኋላ ጨርቁን በንጹህ ውሃ ብቻ አለቅልቀው፣ በግማሽ መጠን እርድ እንደገና ይንከሩት፤ ለሚቀጥለው ትርኢት ይሆናል።