እስጢፋኖስ ቀዳሜ ሰማዕት ከሆነ የየአገሩ «የመጀመሪያ ሰማዕት» ከየት መጣ?

ጥያቄ፦ መምህር፣ ቅዱስ እስጢፋኖስን ቀዳሜ ሰማዕት እንለዋለን። ነገር ግን የቤተ ልሔም ሕፃናትና መጥምቁ ዮሐንስ ቀድመውት ተገድለዋል፤ እንግሊዞችም አልባን የተባለውን የመጀመሪያው ሰማዕታችን ይሉታል። ይህ እንዴት ይታረቃል? ደግሞስ እንደ እነርሱ ለመሞት ራስን አሳልፎ መስጠት ይገባል?

መልስ፦ ሕፃናቱ ስለ ክርስቶስ ሞቱ እንጂ በአንደበታቸው አልመሰከሩም። ዮሐንስም የተሰየፈው ከጌታ ሞትና ትንሣኤ አስቀድሞ ነው። እስጢፋኖስ ግን ከበዓለ ኀምሳ በኋላ፣ ሞቶ ስለተነሣው ጌታ በሸንጎ ፊት መስክሮ በድንጋይ ተወገረ (የሐዋ. 7)። ቀዳሚነቱ በዚህ ነው። ከዐሥራ ሁለቱ ሐዋርያት ደግሞ የዘብዴዎስ ልጅ ያዕቆብ ይቀድማል፤ በ44 ዓ.ም. ገደማ ሄሮድስ አግሪጳ በሰይፍ አስገደለው (የሐዋ. 12፥2)።

የየአገሩ «የመጀመሪያ» ሲባል ግን በዚያ ምድር ደሙን ማፍሰሱ አስቀድሞ የታወቀ ማለት ነው። ታሪኩ ያልተጻፈለት ሌላ ሰማዕት ሊቀድም ይችላል፤ ስለዚህ በዚህ መከራከር አይጠቅምም። ለምሳሌ በሰሜን አፍሪካ የስኪሊየም ሰዎች የተባሉት 12 ምእመናን በ180 ዓ.ም. ካርታጎ ላይ ተሰይፈዋል። እስክንድርያ ግን ወንጌላዊው ማርቆስን ስለምታስብ አፍሪካን በሙሉ ለእነርሱ መስጠት አይቻልም። የእነዚህ ሰዎች የፍርድ ቤት ቃል አጭርና ጥርት ያለ ነው። ከእነርሱ አንዱ ስፔራጦስ ለሚሸምተው ዕቃ ሁሉ ግብር እንደሚከፍል ተናገረ፤ በንጉሡ ጠባቂ መንፈስ መማልን ግን እንቢ አለ። አገረ ገዢው ሳቱርኒኖስ የ30 ቀን ማሰቢያ ሊሰጣቸው ቢል አልተቀበሉትም።

ወደ ሁለተኛው ጥያቄዎ ልምጣ፤ ብዙ ሰው የሚስተው እዚህ ላይ ነው። መልሱ አይገባም ነው። ጌታ ራሱ በአንዲት ከተማ ሲያሳድዷችሁ ወደ ሌላይቱ ሽሹ ብሏል (ማቴ. 10፥23)። የሰምርኔስ ቤተ ክርስቲያን በሁለተኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ስለ ጳጳሷ ፖሊካርፖስ ሞት በጻፈችው መልእክት ሁለት ሰዎችን አቅርባለች። ኩዊንጦስ የተባለ ፍርግያዊ ራሱን አሳልፎ ሰጠ፣ ሌሎችንም ገፋፋ፤ አራዊቱን ሲያይ ግን ፈራና ለጣዖት ሠዋ። የሰምርኔስ ሰዎችም ራሳቸውን የሚሰጡትን አናመሰግንም ብለው ጻፉ። ፖሊካርፖስ በአንጻሩ ወዳጆቹ ሲለምኑት ከከተማው ወጥቶ ከአንዱ እርሻ ወደ ሌላው ተሸሸገ። ከደረሱበት በኋላ ግን አልሸሸም፤ ለያዦቹ ማዕድ አስቀረበ፣ የጸሎት ጊዜ ለመነ። ክርስቶስን እንዲሰድብ ሲጠየቅም 86 ዓመት አገለገልሁት፣ አንዳች አልበደለኝም ሲል መለሰ።

አልባንስ ራሱን አልሰጠም ወይ ይሉ ይሆናል። ሰጥቷል፤ ግን የሚታደን ካህን ቤቱ ሸሽጎ ነበርና ልብሱን ለብሶ በእርሱ ፈንታ ተያዘ። ያ ለባልንጀራ መሞት ነው፤ ኩዊንጦስ ግን ያዳነው ሰው አልነበረም።

መከራው ሳይፈለግ ቢመጣስ? በ177 ዓ.ም. በጎል ምድር (በዛሬዋ ፈረንሳይ) በሊዮን ከተያዙት ዐሥር ያህሉ መጀመሪያ ካዱ። ሆኖም የታመኑት አልናቋቸውም፤ አለቀሱላቸው፣ ጸለዩላቸው፤ ከካዱትም አብዛኞቹ ተመልሰው መሰከሩ። ከዘጠና ዓመት በላይ የሆነው ጳጳሳቸው ጶጢኖስ ተደብድቦ በወኅኒ ሞተ። የቀሩት እስረኞችም ሰማዕታት ብሎ የሚጠራቸውን ይገሥጹ ነበር፤ ያ ስም የታመነው ምስክር የክርስቶስና በሞት ያለፉት ነው ይሉ ነበር። እንግዲህ ስለ ራስዎ የሚለምኑት ጌታ ያስተማረን «ወደ ፈተናም አታግባን» የሚለው ልመና ነው። ስለ አሳዳጆችም እስጢፋኖስ በመጨረሻ ሰዓቱ የጸለየው አለ፤ «ጌታ ሆይ፥ ይህን ኃጢአት አትቍጠርባቸው»።