ምክንያት አትስጪው

እህቴ፣ «ሱቄ ድረስ በየቀኑ እየመጣ ድስት ግዢኝ የሚለኝን ሰውዬ ሳላስቀይም እንዴት ልገላገለው?» ብለሻል። «ሳላስቀይም» የምትለዋን ተያት። ሰውዬው የተማመነው በድስቱ ሳይሆን በይሉኝታሽ ነው።

እኔ ፒያሳ አካባቢ ልብስ እሰፋለሁ። የጎንደር ፒያሳን ታውቂዋለሽ፤ ሶፍት፣ ካልሲ፣ መነጽር፣ ሎተሪ፣ ሁሉም በራፍሽ ላይ ያልፋል። አልፈልግም ካልሽ ይሄዳል። የእኔው ብርድ ልብስ ሻጭ ግን ሌላ ፍጥረት ነበር። ዋጋ አይጠራም። ስለ ልጆቼ ይጠይቃል፣ መቀስ ያቀብለኛል፣ ከዛ ብርድ ልብሱን ዘርግቶ «እስኪ ዳሰስ አድርጊው፣ ሌላ አልልሽም» ይላል። ዳሰስኩ። በነጋታው «ከብዶኛል፣ እስከ ማታ እዚህ ላሳርፈው» አለ። ማታ አልመጣም!

ብር የለኝም ስለው «ማን ብር ጠየቀሽ፣ በየሳምንቱ ትሰጪኛለሽ» ይላል። ባለቤቴን ላማክር ስለው «ማታ መጥቼ እኔው ላናግረው?» ቀለሙን አልወደድኩትም ስል በማግስቱ ያለውን ቀለም ሁሉ ተሸክሞ ከች። ምክንያት በሰጠሽው ቁጥር የቤት ሥራ ሰጠሽው ማለት ነው፤ ሠርቶ ይመጣል።

ከትንሽ ነገር መጀመሩ ደግሞ የተጠና ነው። ፍሪድማንና ፍሬዘር የሚባሉ አሜሪካውያን እ.ኤ.አ. በ1966 ባወጡት ጥናት፣ የካሊፎርኒያ ነዋሪዎችን ደጃችሁ ላይ «በጥንቃቄ አሽከርክሩ» የሚል ትልቅ አስቀያሚ ሰሌዳ እንትከል ብለው ጠየቁ። በቀጥታ ከተጠየቁት እሺ ያሉት 17 በመቶ ያህሉ ናቸው። አስቀድሞ ስለዚያው ጉዳይ ትንሽዬ ምልክት እንዲለጥፉ ከተጠየቁት ግን 76 በመቶው ተስማሙ። የእኔ ሰውዬ ይህን አንብቦ አይመስለኝም፣ ግን አሳምሮ ያውቀዋል።

ጎረቤቴ ጸጉር ሠሪዋ ገዛችው። የሚገርመው ከዛ በኋላ ያለው ነው፤ እሷው ለእኔ ትሸጥልኝ ጀመር። «ሙቀቱን ብታዪው!» ትለኛለች፣ በሚያዝያ! ኮሚሽን የላት ምን የላት። እኔም ከገዛሁ ያወጣችው ብር የማይቆጫት መስሏት ይሆናል።

በመጨረሻ ብርድ ልብሱን አጣጥፌ በር ላይ ጠበቅኩት። «አልፈልግም።» «ለምን?» «አልፈልግም።» ከዛ ዝም። ዝምታው ጭንቅ ነው፣ አልዋሽሽም፤ አፍሽን በልቶሽ ምክንያት ልታወጪ ትደርሻለሽ። ቻይው። ተሸክሞት ሄደ፣ ቅያሜ ብሎ ነገርም የለም፤ መንገድ ላይ ሲያገኘኝ ዛሬም ስለ ልጆቼ ይጠይቀኛል።

አንቺም ድስቱን «ለሙከራ ልተውልሽ» ካለሽ እንዳትቀበዪ። ተቀብለሽ ከሆነም ሽሮ ሳትሠሪበት ዛሬውኑ መልሺለት።