ጥያቄና መልስ፦ ሻምበል አንዛ በሚሲዮን አገር

«ልጄ ካሊፎርኒያ ዲ አንዛ ኮሌጅ ይማራል። አንዛ ማነው?» ይላሉ አንዲት እናት ከሳን ሆዜ።

ሁዋን ባውቲስታ ዲ አንዛ የስፔን ቅኝ ግዛት የጠረፍ መኮንን ነበር። በ1736 (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን ነው) ሶኖራ ውስጥ ተወለደ፤ ዛሬ የሜክሲኮ ክፍል ነው። አባቱም የጠረፍ ሻምበል ነበር። አፓቾች የተባሉ የአገሩ ተወላጆች ሲገድሉት ልጁ አራት ዓመት እንኳ አልሞላውም። እሱም አድጎ በዛሬዋ አሪዞና የቱባክ ምሽግ ሻምበል ሆነ።

«ወታደርና ቄስ ምን አገናኛቸው?»

የሁለቱም ቀለብ ከንጉሡ ነበር። ሚሲዮኑ አገሬውን ያጠምቃል፣ ሰብስቦ ያሳርሳል። ምሽጉ ሚሲዮኑን ይጠብቃል፣ የሸሸውንም አሳድዶ ይመልሳል። በ1767 ንጉሡ ኢየሱሳውያን ይባረሩ ሲል (እኛ ከሱስንዮስ ዘመን የምናውቃቸው ናቸው) ትእዛዙን ሶኖራ ላይ ካስፈጸሙት አንዱ አንዛ ነበር። ቦታውን ፍራንሲስካውያን የተባሉ ሌሎች የካቶሊክ መነኮሳት ተረከቡ።

«ከሶኖራ ወደ ካሊፎርኒያ በረሃውን እንዴት አቋረጠው?»

ብቻውን አይደለም፤ ይሄ እንዲረሳ አልፈልግም። በ1774 መንገድ ከመሩት አንዱ ሴባስቲያን ታራባል ነው፤ ካሊፎርኒያ ካለው ከሳን ገብርኤል ሚሲዮን የሸሸ የአገሬው ተወላጅ። የኮሎራዶን ወንዝ ያሻገሩት ደግሞ በወንዙ ዳር የሚኖሩት የኬቻኖች መሪ ሳልቫዶር ፓልማና ሰዎቹ ናቸው።

በጥቅምት 1775 አንዛ ሳን ፍራንሲስኮን ሊያቀና 240 ያህል ሰው ይዞ እንደገና ተነሳ። የሚበዙት ልጆች ነበሩ። ገና በመጀመሪያው ሌሊት አንዲት እናት ምጥ ያዛት። ሕፃኑ በእግሩ መጣ። ልጁ ተረፈ፣ እናቲቱ ሳይነጋ አረፈች። ሬሳዋን ይዘው እስከ ሳን ሃቪየር ሚሲዮን ሄደው ቀበሯት። የሳን ፍራንሲስኮ ታሪክ ሲነሳ እኔ ቀድማ የምትታየኝ እሷ ናት።

«ታዲያ መንገዱ ለምን ተዘጋ?»

ቃል ስለታጠፈ። አንዛ ፓልማን ሜክሲኮ ከተማ ድረስ ወሰደው፤ በ1777 እዚያ ተጠመቀ። ስጦታና ሚሲዮን ተስፋ ተሰጠው። ስጦታው እዚህ ግባ የሚባል አልሆነም። ሰፋሪዎቹ ግን መጡ፤ ከብቶቻቸው የኬቻኖችን አዝመራ በሉት። ሐምሌ 1781 ኬቻኖች አመፁ፣ የየብሱ መንገድም ተዘጋ። አንዛ ያኔ የኒው ሜክሲኮ ገዥ ነበር። አለቆቹ ጥፋቱን በእሱ አሳበቡ፤ በእኔ እምነት አላግባብ ነው፣ ስጦታውን የቆጠቡት እነሱ ናቸው።

በአመፁ ከተገደሉት አንዱ ፍራንሲስካዊው ሚሲዮናዊ አባ ፍራንሲስኮ ጋርሴስ ናቸው። ከአገሬው ጋር እሳት ዳር እግራቸውን አጣጥፈው ተቀምጠው፣ የቀረበላቸውን የሚበሉ ሰው ነበሩ።