የልጄ የማሰብ ችሎታ በአንጎል ምርመራ ይታወቃል ወይ?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ዶክተር። የምኖረው ድሬዳዋ፣ ሳቢያን ነው። ዘጠኝ ዓመት የሞላው፣ ሦስተኛ ክፍል የሚማር ወንድ ልጅ አለኝ። ታላቅ እህቱ በትምህርቷ ጎበዝ ናት፤ የእሱ ውጤት ግን ዘንድሮ በጣም ወርዶ መምህሩ «ነገር ቶሎ አይገባውም» ብለው አስጠርተውኛል። አባቱ «ጭንቅላት በተፈጥሮ ነው፣ አታስጨንቂው» ይላል። ጎረቤቶች ደግሞ የራሱን ማነስ እያዩ ብዙ ይናገራሉ። አዲስ አበባ ያለ ዘመዳችን «የአንጎል ሳይንስ አሁን ሩቅ ሄዷል፤ ኤም አር አይ ብታስነሺው የማሰብ ችሎታው ምን ያህል እንደሆነ ይነግሩሻል» ስላለኝ፣ በዚህ ወር የሚደርሰኝን ዕቁብ ለዚያ ላውለው አስቤያለሁ። ልጁ በጊዜው ሄዷል፣ በጊዜው አፉን ፈቷል፣ ከጓደኞቹም ጋር ሲጫወት ደኅና ነው። ቤት ውስጥ ግን ሐሳቡ ሌላ ቦታ ነው መሰለኝ፣ ሦስት አራት ጊዜ ካልጠራሁት አይመልስልኝም፤ ቴሌቪዥንም ተጠግቶ ካልሆነ አያይም። ሕፃን ሳለ ጆሮው ይመግል ነበር፣ አሁንም አልፎ አልፎ ይመጣበታል፤ ከዚህ ሌላ ሕመም የለበትም። ምን ይመክሩኛል?

መልስ፦ ውድ እህቴ፣ ዕቁብዎን ለኤም አር አይ አያውሉት። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ምርመራውን ንቄ አይደለም፤ ዕጢ፣ የደም መፍሰስ ወይም ሌላ የአንጎል ሕመም ሲጠረጠር ኤም አር አይ ሕይወት የሚያድን መሣሪያ ነው። የአንድን ልጅ የማሰብ ችሎታ አንብቦ የሚነግር የአንጎል ምስል ግን ዛሬ በየትኛውም አገር ሆስፒታል ውስጥ የለም። በደብዳቤዎ መጨረሻ በአጭሩ ያለፉት አንድ ነገር ከሁሉ ይልቅ አሳስቦኛል፤ ወደ እሱ የምመለሰው ግን ዘመድዎ ስለ ተናገሩት የአንጎል ሳይንስ ከነገርኩዎት በኋላ ነው፤ ምክንያቱም ሁለቱ ነገሮች የተያያዙ ናቸው።

ጎረቤቶችዎን ካሳሰበው ከራስ መጠን ልጀምር። በ19ኛው ክፍለ ዘመን እንደ ፈረንሳዊው ሐኪም ፖል ብሮካ ያሉ ሊቃውንት የሟቾችን አንጎል እየመዘኑ የብልህነትን ምንጭ ለማግኘት ብዙ ደክመዋል፤ ሚዛኑ ግን ያሰቡትን አልመሰከረላቸውም። የሩሲያዊው ደራሲ የኢቫን ቱርጌኔቭ አንጎል 2,012 ግራም ሲመዝን፣ በ1921 እ.ኤ.አ. የኖቤል ሽልማት ያገኘው የፈረንሳዊው ደራሲ የአናቶል ፍራንስ አንጎል 1,017 ግራም፣ ማለትም የዚያን ግማሽ ያህል ብቻ ሆኖ ተገኘ። የአልበርት አንስታይን አንጎልም 1,230 ግራም ነበር፤ ይህም ከአብዛኛው ወንድ አንጎል ያነሰ ነው። በብዙ ሺሕ ሰዎች ላይ ሲለካ በአንጎል መጠንና በማሰብ ችሎታ መለኪያ ፈተና ውጤት መካከል ትንሽ ዝምድና መታየቱ እውነት ነው፤ ሆኖም በሰዎች መካከል ካለው የውጤት ልዩነት ውስጥ በመጠን የሚብራራው ከመቶ አሥር እጅ እንኳ አይደርስም። በጊዜው የሄደና በጊዜው አፉን የፈታ ልጅ ራስ ትንሽ መምሰሉ ብቻውን ምንም አይነግረንም፤ ስጋት ካለዎት በሜትር ለክቶ ከዕድሜው ጋር ማስተያየት ለማንኛውም የጤና ባለሙያ የደቂቃ ሥራ ነው።

ብልህነት ከመጠን ካልመጣ ታዲያ ከየት ይመጣል? በአንጎላችን ውስጥ 86 ቢሊዮን የሚያህሉ የነርቭ ሕዋሶች አሉ። እነዚህ ሕዋሶች እርስ በርስ የሚላላኩባቸው ረጃጅም ክሮች ማየሊን በተባለ ስብ ነክ ሽፋን ይጠቀለላሉ፤ ሽፋን በሌለው ክር በሴኮንድ አንድ ሜትር ያህል የሚጓዘው መልእክት፣ በደንብ በተሸፈነ ወፍራም ክር ላይ በሴኮንድ ከመቶ ሜትር በላይ ሊጓዝ ይችላል። ከተማዎ ድሬዳዋ በ1902 እ.ኤ.አ. የባቡር ሐዲድ ስለ ደረሰ የተቆረቆረች ከተማ ናት፤ ታላቅ ያደረጋት የጅቡቲው መስመርና የሐረር መንገድ በእሷ መገናኘታቸው ነው። የአንጎል ክፍሎችም ነገር እንዲሁ ነው፤ እያንዳንዱ ክፍል ለማሰብ የሚያበረክተው በሚያገናኙት መስመሮች ልክ ነው። ሬክስ ጁንግና ሪቻርድ ሄየር የተባሉ ተመራማሪዎች በ2007 እ.ኤ.አ. ቀደም ሲል የተሠሩ 37 የአንጎል ምስል ጥናቶችን አሰባስበው ሲመረምሩ፣ ብልህነት ባንድ ጉብታ ወይም ባንድ ስፍራ የተቀመጠ ነገር እንዳልሆነ፣ ይልቁንም በግንባር በኩል ያለው ክፍልና ከአናት ወደ ኋላ ያለው ክፍል፣ ከማያና ከመስሚያ ክፍሎች ጋር እየተናበቡ የሚሠሩት ሥራ እንደሆነ አሳይተዋል።

ይህን በልጅዎ ክፍል ውስጥ እንየው። መምህሩ «ሰባት ብርቱካን ነበረህ፣ ሦስቱን ለእህትህ ሰጠህ፣ ስንት ቀረህ?» ብለው ይጠይቃሉ። ድምፁ በጆሮ ገብቶ ከጆሮ ከፍ ብሎ ባለው የአንጎል ክፍል ወደ ቃል ይለወጣል፤ የግንባሩ ክፍል ሰባትንና ሦስትን ለጥቂት ሴኮንድ ሳይጥል ይይዛል፤ የኋለኛው ክፍል ብዛታቸውን ያመዛዝናል፤ የግንባሩ ክፍል እንደገና መልሱን መርጦ ለአፍ ያቀብላል። ይህ ሁሉ የሚፈጸመው እኛ «ልጁ ገባው» ወይም «አልገባውም» ብለን በምንፈርድባት አጭር ጊዜ ውስጥ ነው። ከመጀመሪያው ጣቢያ የተቆረጠ ቃል ከተላከ፣ ቀሪው አንጎል ምንም ያህል ጤናማ ቢሆን የተሳሳተ መልስ መስጠቱ አይቀርም። ይህችን ነጥብ ያዙልኝ።

ሳይንሱ ይህን ያህል ካወቀ የአንድ ልጅ አንጎል ለምን አይነበብም የሚል ጥያቄ ይነሣ ይሆናል። የምናውቀው የብዙ ሰዎችን አማካይ ስለሆነ ነው። በ2022 እ.ኤ.አ. ኔቸር በተባለው የሳይንስ መጽሔት የወጣ ትልቅ ጥናት፣ የአንጎል ምስልን ከአእምሮ ችሎታ ጋር ለማያያዝ ሃያና ሠላሳ ሰው ቀርቶ ጥቂት መቶ ሰው እንኳ እንደማይበቃና በብዙ ሺሕ የሚቆጠሩ ሰዎች እንደሚያስፈልጉ፣ ያኔም የሚገኘው ዝምድና ደካማ እንደሆነ አስረድቷል። የሺዎችን አማካይ ይዞ በአንድ የሦስተኛ ክፍል ተማሪ ላይ መፍረድ ሳይንስም ርኅራኄም አይደለም፤ እንዲህ ያለ አገልግሎት እንሰጣለን የሚል ቢያጋጥምዎ ገንዘብዎን ይዘው ይመለሱ።

የባለቤትዎ ንግግር ግማሽ እውነት አለው። በመንትዮች ላይ የተደረጉ ብዙ ጥናቶች የማሰብ ችሎታ ከዘር ጋር እንደሚያያዝ ያሳያሉ። ይሁንና ቁመትም ከማሰብ ችሎታ ይልቅ በዘር የሚወሰን ነገር ሆኖ ሳለ፣ የደቡብ ኮሪያ ሴቶች አማካይ ቁመት በአንድ ክፍለ ዘመን ውስጥ ሃያ ሴንቲ ሜትር ያህል ጨምሯል፤ ዘራቸው አልተለወጠም፣ ኑሯቸው እንጂ። በትምህርትም ረገድ ከስድስት መቶ ሺሕ በላይ ሰዎችን ያካተቱ ጥናቶች በ2018 እ.ኤ.አ. ተሰብስበው ሲመረመሩ፣ በትምህርት ቤት የሚጨመር እያንዳንዱ ዓመት በችሎታ መለኪያ ፈተና ላይ ከአንድ እስከ አምስት ነጥብ እንደሚጨምር ታይቷል። እንግዲህ «በተፈጥሮ ነው» ተብሎ የሚተው ልጅ የሚጎዳው በተፈጥሮው ሳይሆን በመተዉ ነው።

አንጎል በሥራ ይለወጣል። ይህን ካሳዩት ጥናቶች ሁሉ እኔ የምወደው የለንደን ታክሲ ነጂዎችን ነው፤ ፈቃድ ለማግኘት በሺዎች የሚቆጠሩ መንገዶችን በቃላቸው ያጠናሉ፣ ጥናቱን ጨርሰው ፈተናውን ባለፉት ዘንድ ሂፖካምፐስ የተባለው ቦታንና ትዝታን የሚይዘው የአንጎል ክፍል ኋለኛ ጫፍ እየተለቀ እንደሄደ ኤለኖር ማጓየርና ባልደረባዋ በ2011 እ.ኤ.አ. አሳይተዋል። ሐረር ጁገል ውስጥ ተወልዶ፣ እንግዳ ገብቶ የሚጠፋባቸውን ጠባብ መተላለፊያዎች በማታም ሳይሳሳት የሚመላለስ ልጅ ሳይ ይህ ጥናት ትዝ ይለኛል። ክፍል ውስጥ «አይገባውም» ከሚባሉት መካከል እንዲህ ያለውን መንገድ በቃላቸው የያዙ ስንቶች ናቸው!

አንጎል እንዲሠራ ግን የሚያስፈልገው ነገር አለ። ከሰውነት ክብደት ከመቶ ሁለት እጅ ብቻ ሆኖ ከምንበላው ኃይል ሃያ እጅ ያህሉን የሚወስድ አካል ነው፤ በሕፃናት ዘንድ ደግሞ ድርሻው ከዚህም እጅግ ይበልጣል፤ ስለዚህ ልጅዎ ቁርስ ሳይበላ ትምህርት ቤት አይሂድ። ጨው ሲገዙ አዮዲን ያለበትን የታሸገ ጨው ይግዙ፣ ክዳን ባለው ዕቃ ያስቀምጡት፣ ወጡ ሊወጣ ሲል ይጨምሩት፤ የአዮዲን እጥረት እንቅርት ከማምጣቱ በላይ በተለይ ከእርግዝና ጀምሮ የሕፃናትን አእምሮ ይጎዳል። የደም ማነስ እንዳለበት በቀላል ምርመራ ይታያል። በአካባቢያችን ለሕፃናት ዓይን የሚቀባው ኩል፣ አንዳንዱ እርሳስ ከተባለው መርዛማ ማዕድን የሚዘጋጅ ስለሆነ፣ በቤትዎ ታናናሽ ልጆች ካሉ ይቅርባቸው። በዚህ ዕድሜ ያለ ልጅ በቀን ቢያንስ ዘጠኝ ሰዓት መተኛት አለበት፤ ቀን የተማረው በአንጎል ውስጥ የሚጸናው በእንቅልፍ ነውና። (ለትልልቆቹ ተማሪዎችም ይህን እላለሁ፦ ለፈተና ብላችሁ ጫት እየቃማችሁ የምታድሩት ሌሊት፣ ያነበባችሁትን የሚያጸናውን እንቅልፍ ይወስድባችኋል።)

አሁን ወደ ጆሮው ልመለስ። ሦስት አራት ጊዜ ካልተጠራ የማይመልስ፣ ወደ ቴሌቪዥን የሚጠጋ፣ ከሕፃንነቱ ጀምሮ ጆሮው የሚመግል ልጅ፣ በምርመራ እስካልተረጋገጠ ድረስ በደንብ ይሰማል ብዬ አልቀበልም። መግሉ የሚመጣው ብዙ ጊዜ የጆሮው ታምቡር ስለ ተበሳ ነው፤ የተበሳ ታምቡር ድምፅን ከበስተኋላው ላሉት ትናንሽ አጥንቶች በሚገባ አያስተላልፍም። እንዲህ ያለ ልጅ ደንቆሮ አይደለም፤ ሜዳ ላይ ጓደኞቹ ሲጮኹ ይሰማል፣ አጠገቡ ሆነው ሲያነጋግሩት ይመልሳል፤ ስለዚህም ወላጅ አይጠረጥርም። ቬንቲሌተር በሚጮህበት፣ ብዙ ልጆች በሚንሾካሾኩበት ክፍል ውስጥ ግን መጀመሪያ የሚጠፉበት ደካሞቹ ድምፆች ናቸው፤ መምህሩ «ሰባት» ሲሉ መጨረሻዋ «ት» ትቀርበትና «ሰባ» ብሎ ይሰማል። ከሰባ ብርቱካን ሦስት ቢቀንስ ስልሳ ሰባት ነው። ልጁ ሂሳቡን በትክክል ሠርቶ «ስልሳ ሰባት» ቢል ክፍሉ ይስቅበታል፣ መምህሩም እንዳልገባው ይጽፋሉ፤ ጥቂት ጊዜ እንዲህ የተሳቀበት ልጅ ደግሞ እጁን ማውጣት ይተዋል። በሥራዬ ሰነፍ ተብለው የመጡ፣ ጆሯቸው ታክሞ ሌላ ልጅ የሆኑ ሕፃናት አይቻለሁና ይህን ስጽፍ አዝናለሁ፤ ያለ ጥፋታቸው የተቆጡባቸው ዓመታት ናቸው።

ስለዚህ በድሬዳዋም ሆነ በሐረር የጆሮ፣ የአፍንጫና የጉሮሮ ሐኪም ወዳለበት የጤና ተቋም ይውሰዱት፤ ጆሮው ውስጡ ይታይ፣ የመስማት ችሎታውም ይለካ። በዚያው ዓይኑንም ያስመርምሩት፤ ቴሌቪዥን የሚጠጋው ለመስማት ይሁን ለማየት ከቤት ሆነን ልንለየው አንችልም። እስከዚያው በጆሮው ውስጥ ዘይት፣ የጤና አዳም ወይም የነጭ ሽንኩርት ጭማቂ፣ ሌላም ነገር አይጨምሩ፤ መግል ሲኖር ንጹሕ የጥጥ ጨርቅ አሹለው እየለዋወጡ ያድርቁለት፤ ሲታጠብ ውኃ አይግባበት፤ ጠብታ የሚገባው ሐኪሙ ሲያዝ ብቻ ነው። ከጆሮው ኋላ ካበጠ፣ ትኩሳትና ከባድ ራስ ምታት ከተነሣበት፣ ካዞረው ወይም ፊቱ ወደ አንድ ጎን ከተጣመመ ቀጠሮ ሳይጠብቁ በዚያው ቀን ሆስፒታል ያድርሱት። መምህሩን ደግሞ ከነገ ጀምሮ በፊተኛው ወንበር፣ የተሻለ የሚሰማበትን ጆሮ ወደ እሳቸው አድርገው እንዲያስቀምጡት በትሕትና ይለምኑልኝ።

ጆሮውና ዓይኑ ደኅና ሆነው ከተገኙ፣ ወይም ታክመው በአንድ መንፈቀ ዓመት ውስጥ ለውጥ ካልታየ፣ ወደ ሕፃናት ሐኪም እንሄዳለን፤ የማንበብ ችግር ይኖር ይሆናል፣ ወይም ለጥቂት ሴኮንድ ዓይኑ ፈጦ የሚደነዝዝ ከሆነ የማይታወቅ የሚጥል በሽታ ሊሆን ይችላል፤ ለዚህም ምርመራ አለው። የችሎታ መለኪያ ፈተና ቢታዘዝለት አፉን በፈታበት ቋንቋ ይሁን። የመጀመሪያውን እንዲህ ያለ ፈተና በ1905 እ.ኤ.አ. ፓሪስ ላይ ያዘጋጁት አልፍሬድ ቢኔና ቴዎዶር ሲሞን፣ ዓላማቸው ተጨማሪ እርዳታ የሚሹ ልጆችን ማግኘት ነበር።

ዛሬ ማታ ግን አንድ ነገር ያድርጉ። ቴሌቪዥኑን አጥፍተው፣ ልጁ ከንፈርዎን እንዳያይ ክንድ በሚያህል ርቀት ከኋላው ቆመው፣ አንደኛውን ጆሮ በጣቱ እንዲደፍን ነግረው፣ በሹክሹክታ «ሰባት»፣ «ሰባ»፣ «ስድስት»፣ «ስልሳ» ይበሉና ይድገምልዎ፤ ከዚያም ሌላውን ጆሮ ደፍኖ ይድገመው። በየትኛው ጆሮ የትኞቹን እንደሳተ በወረቀት ይጻፉ። ሁሉንም በትክክል ቢደግመውም ምርመራው አይቅር፤ ወረቀቱን ይዘው ይሂዱ።