የአንባብያን ጥያቄ፦ አበምኔት ሱዤ ያን ሁሉ ገንዘብ ከየት አመጣው?

ጥያቄ፦ ፓሪስ አጠገብ ያለውን የሳን ዴኒ ገዳም ቤተ ክርስቲያን ያሳነጸው ሱዤ፣ ንጉሡ ዘምቶ ሳለ ፈረንሳይን ያስተዳድር ነበር ሲባል አነበብኩ። ከትልቅ ቤተሰብ ያልተወለደ መነኩሴ እዚያ ደረጃ እንዴት ደረሰ?
አንባቢ ከአዳማ

መልስ፦ በመጋቢነት ነው። ሱዤ በ1081 ገደማ ተወለደ (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)፤ 10 ዓመት ሲሆነው ግድም ወላጆቹ ለገዳሙ ሰጡት። ሳን ዴኒ ሰፊ ጉልት ስለነበረው ነቃ ያሉትን መነኮሳት መጋቢ እያደረገ ወደየርስቱ ይልክ ነበር። ሱዤም መጀመሪያ ኖርማንዲ ውስጥ ወደ በርንቫል፣ ቀጥሎ ስንዴ በሚበቅልበት የቦስ ሜዳ ወደ ቱሪ ተላከ።

ቱሪ ላይ ሥራው እህል መሰብሰብ ብቻ አልነበረም። በቅርብ ያለው የለ ፒዩዜ ግንብ ጌታ ኡግ ገበሬውን እየዘረፈ መሬቱን ጦም አሳድሮታል። ሱዤ መንደሩን አጠናክሮ ለንጉሥ ሉዊ 6ኛ አቤት አለ፤ ንጉሡም በ1111 ግንቡን ከቦ ያዘው። ግን በአንድ ጊዜ አላበቃም፤ ኡግ ተመልሶ አመፀ፣ ነገሩም ለይቶለት የቆረጠው በ1118 ነው። ንጉሡ በእነዚህ ዓመታት የሱዤን ችሎታ አይቷል ማለት ነው። በ1122 ሱዤ ወደ ሮማው ጳጳስ ተልኮ ጣልያን እያለ መነኮሳቱ አበምኔት አድርገው መረጡት። ንጉሡን ሳያስፈቅዱ በመምረጣቸው ምርጫውን ሊያሳውቁት የሄዱት ሰዎች ታሰሩ፤ ይሁንና ቁጣው በተመረጠው ሰው ላይ ስላልነበረ ብዙ አልቆየም።

ጥያቄ፦ ለሕንጻውስ ገንዘቡ ከየት መጣ? ዘውድ ከፍሎለት ነው?
አንባቢ ከሐዋሳ

መልስ፦ ዋናው ገንዘብ የገዳሙ ነበር፤ ሱዤ ራሱ ስለ አስተዳደሩ በጻፈው መጽሐፍ የየርስቱን ገቢ እየቆጠረ አስቀምጦታል። መንገዱ ብዙ ነው። ሽፍታ የሚያደባበትን ቮክሬሶንን መንጥሮ አዲስ መንደር ቆረቆረበት፤ 60 ያህል አባወራም ሰፈረ። ጭሰኛ ሲሞት ንብረቱን ጌታው የሚወስድበትን መብት በ1125 ለሳን ዴኒ ከተማ ሰዎች ተወላቸው፤ እነሱ በምላሹ የከፈሉት 200 ሊቭር የገዳሙን መግቢያ ለማደስ ዋለ። (ሊቭር በዚያን ጊዜ የሚጨበጥ ገንዘብ ሳይሆን የሂሳብ መለኪያ ነበር፤ 240 ዴኒዬ የሚባሉ ትናንሽ የብር ሳንቲሞች ማለት ነው።)

ምዕራባዊው ፊት በ1140 ተባርኮ ወዲያው የመቅደሱ ሥራ ሲጀመር ለግንባታው በየዓመቱ 200 ሊቭር መደበ። 100ው ላንዲ በሚባለው፣ በሳን ዴኒ አጠገብ በየዓመቱ በሚቆመው ገበያ ሰሞን ምእመናን ከሚያስገቡት፣ 50ው በቅዱስ ዴኒ በዓል ከሚገባው ስእለት፣ ቀሪው 50 ቦስ ውስጥ ካለች ቪሌን ከምትባል ርስት ነው። እኔ እንደሚመስለኝ ግንባታው በፍጥነት ያለቀው በዚህ ቁርጥ ያለ በጀት ነው፤ መቅደሱ ሰኔ 11 ቀን 1144 ተባረከ።

የጎደለው ብር ሳይሆን እንጨት የሆነበት ጊዜም አለ። ለምዕራቡ ክፍል ትልልቅ ሠረገላ እንጨት አስፈለገ፤ አናጺዎቹ ርቆ ካለው ከኦሴር አገር በቀር አይገኝም አሉ። ሱዤ አንድ ሌሊት ከጸሎት በኋላ እንቅልፍ እምቢ ቢለው ራሱ ሊፈልግ ቆረጠ፤ ሲነጋ የእንጨቱን ልክ ይዞ ከአናጺዎቹ ጋር ወደ ኢቭሊን ደን ወረደ። የደኑ ጠባቂዎች ሳቁበት። እስከ ዘጠኝ ሰዓት ግን 12 ዛፎች ተገኙ፣ የሚያስፈልገውም 12 ብቻ ነበር። እሱ ተአምር ይለዋል። ልኩን በእጁ ይዞ መሄዱም ሳይረዳው አልቀረም።

ጥያቄ፦ የአርዣንተይ ደናግልን በሐሰት ሰነድ አስወጣቸው የሚባለው እውነት ነው?
አንባቢ ከፍራንክፈርት

መልስ፦ ማስወጣቱ እውነት ነው፤ በ1129 የደናግሉ ገዳም የሳን ዴኒ ንብረት እንደነበር የሚገልጽ የጥንት ሰነድ አቅርቦ አሸነፈ፣ ከተባረሩትም አንዷ የገዳሟ ኃላፊ ኤሎይዝ ነበረች። ሰነዱን ብዙ ተመራማሪዎች ሐሰተኛ ነው ይሉታል። ለገዳሙ ርስት ሲል ሱዤ ብዙ ይሄድ እንደነበር አያጠራጥርም።

ጥያቄ፦ እንደራሴ ሆኖ ምን ሠራ?
አንባቢ ከአዲስ አበባ

መልስ፦ የሉዊ 6ኛ ልጅ ሉዊ 7ኛ በ1147 ወደ ሁለተኛው የመስቀል ጦርነት ሲሄድ አገሩን ለሱዤ አደራ ሰጠ። ንጉሡ ምሥራቅ ሆኖ ከቴምፕላር ባላባት መነኮሳት እየተበደረ «ክፈልልኝ» ብሎ ይጽፋል፤ ሱዤ ከግብሩ ሰብስቦ መክፈል አለበት። በሌላ በኩል ለንጉሡ በጻፈለት ደብዳቤ የፍርድ ገቢውን፣ ግብሩንና ከርስቱ የሚገባውን ስንቅ እስኪመለስ እንዳቆየለት፣ ቤተ መንግሥቶቹም በደህና እንዳሉ ይነግረዋል። ትልቁ ፈተና በ1149 መጣ፤ የንጉሡ ወንድም ሮቤር ቀድሞ ተመልሶ መኳንንቱን ማሸፈት ጀመረ። ሱዤ ጳጳሳቱንና መኳንንቱን ሷሶን ላይ ሰብስቦ ከጎኑ አሰለፋቸው፤ የሮማው ጳጳስም ደገፈው፣ ሮቤርም ሐሳቡን ተወ። ሱዤ ያረፈው በጥር 1151 ነው።

ጥያቄ፦ ዛሬ ከሱዤ ሥራ ምን ማየት ይቻላል?
አንባቢ ከቨርጂኒያ

መልስ፦ ለእርስዎ ቅርብ ነው። የቅዳሴ ጽዋው ዋሽንግተን ናሽናል ጋለሪ ኦፍ አርት ውስጥ ነው፤ መግቢያው ነጻ ነው። ጽዋው ራሱ ከክርስቶስ ልደት በፊት እስክንድርያ ላይ ከከበረ ድንጋይ ተፈልፍሎ የተሠራ ሲሆን፣ ዙሪያውን በወርቅ በተለበጠ ብር ያስገጠመው ሱዤ ነው። የንስር ቅርጽ ያለው ማሰሮ ደግሞ ፓሪስ ሉቭር ይገኛል። ሳን ዴኒ ከሄዱ ቀና ብለው የሚያዩት ከፍ ያለ ብርሃናማ ክፍል የሱዤ አይደለም፤ ከ1231 ጀምሮ እንደ አዲስ የተሠራ ነው። የእሱ ሥራ ከመንበሩ ጀርባ ዞሮ የሚያልፈው መተላለፊያ ከቀጫጭን ዓምዶቹ ጋር፣ ከሥር ያለው ክፍልና ምዕራባዊው ፊት ነው።