አባይን መሻገርና አባይን መውረድ

ጥያቄ፦ ክቡር አዘጋጅ፣ ሁለት ሰዎች ከአባይ ምንጭ ተነሥተው በጎማ ጀልባና በካያክ እስከ ሜዲትራኒያን ባሕር የወረዱበትን «የናይል ምስጢር» የተባለ የአይማክስ (በግዙፍ ስክሪን የሚታይ) ፊልም ሰሞኑን ከልጆቼ ጋር ተመለከትሁ። ፊልሙን ወድጄዋለሁ፤ ነገር ግን የአባይን በረሃ ሰው ያልደረሰበት አገር ያስመሰለው ሆኖ ስለተሰማኝ ከንክኖኛል። አያቴ ከጎጃም ወደ ሰላሌ ገበያ የሚሄዱት አባይን በተነፋ ስልቻ እየተሻገሩ ነበር። አደጋውስ እውነት ነው ወይስ የፊልም ማጋነን?
አንባቢ፣ ከደብረ ማርቆስ

መልስ፦ አያትዎን ይመኑ፤ ተጓዦቹንም ግን ውሸታሞች አይበሏቸው። አባይን መሻገርና አባይን ተከትሎ መውረድ የተለያዩ ነገሮች ናቸውና። በወንዙ ግራና ቀኝ ለሚኖረው ሰው መልካው የታወቀ መንገድ ነው፤ ውሃው በየትኛው ወር እንደሚጎድልና አዞ በየት በኩል እንደሚያደባ ጠንቅቆ ያውቃል። ከአንዱ መልካ እስከ ሌላው ባለው ገደል ውስጥ፣ በውሃው ላይ ተቀምጦ የሚያልፍበት ጉዳይ ግን አልነበረውም።

ለመውረድ የሞከሩትም ቢሆኑ ብዙዎቹ አልቀናቸውም። በ1895 ዓ.ም. ማክሚላን የተባለ አሜሪካዊ በብረት ጀልባዎች ጉዞ ጀምሮ ብዙም ሳይርቅ ጀልባዎቹ ተሰባብረውበታል። በኋላም በዳንግላ የእንግሊዝ ቆንስል የነበረው ቺዝማን የወንዙን አካሄድ በካርታ ላይ ያሰፈረው በውሃው ላይ እየተንሳፈፈ ሳይሆን በእግርና በበቅሎ እየተጓዘ ነው። በ1960 ዓ.ም. ክረምት በጆን ብላሽፎርድ-ስኔል የተመራ የእንግሊዝ ጦር ቡድን በጎማ ጀልባዎች ወርዶ ስሙን ቢያስጠራም፣ በመንገዱ ሽፍቶች ተኩስ ከፍተውበታል፣ አንድ ወታደርም ገባር ወንዝ ሲሻገር ውሃ ወስዶት ቀርቷል። ልብ ይበሉ፤ ሰውየው የሞተው ሲወርድ ሳይሆን አያትዎ በስልቻ ያደርጉት እንደነበረው ሲሻገር ነው።

በፊልሙ ያዩዋቸው ፓስኳሌ ስካቱሮና ጎርደን ብራውን የተነሡት በታኅሣሥ 1996 ዓ.ም. ሲሆን፣ ከ5,200 ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዘው እስክንድርያ የደረሱት በዚያው ዓመት በሚያዝያ ነው። አደጋው እውነት መሆኑን ለመረዳት ጣና ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ፣ የሱዳን ድንበር ደግሞ 500 ሜትር ገደማ ላይ መሆናቸውን ማሰብ ይበቃል፤ ወንዙ ይህን ሁሉ ቁልቁለት የሚወርደው በጥቁር አለት መሐል እየተጨነቀ ነው። ከጢስ አባይ አጠገብ በአፄ ሱስንዮስ ዘመን በተሠራው የድንጋይ ድልድይ ላይ ቆሞ ወደ ታች የተመለከተ ሰው፣ ያን የሚያህል ወንዝ ምን በመሰለ ጠባብ ስንጥቅ እየተናጠ እንደሚያልፍ አይጠፋውም።

ስለ ማጋነኑ ግን ጥርጣሬዎ ከንቱ አይደለም። የአይማክስ ካሜራ ከባድ ነው፤ አንድ ጥቅል ፊልምም የሚቀርጸው ሦስት ደቂቃ ያህል ብቻ ነው። እንዲህ ያለውን ካሜራ አለት ላይ ተክሎ «ምን ይመጣ ይሆን» እያሉ እንዳበሩት መጠበቅ ስለማይቻል፣ ጀልባዋ ከውጭ ሆና በጥራት የምትታይበትን ትዕይንት አስቀድሞ የተመከረበት አድርገው ቢቆጥሩት አይሳሳቱም። ጀልባዋን የሚያላጋው ውሃ ግን ያው የአባይ ውሃ ነው።

ለልጆችዎ አንድ ነገር ይጨምሩላቸው። ተጓዦቹ ወደ ሱዳን ሲቃረቡ የሚያልፉበት አገር አሁን በፊልሙ እንደሚታየው አይደለም፤ ጉባ ላይ በተሠራው የሕዳሴ ግድብ ምክንያት ከ240 ኪሎ ሜትር በላይ ወደ ኋላ የተዘረጋ ሐይቅ ሆኗል። የጎጃምና የሰላሌ መሻገሪያ ግን ከሐይቁ እጅግ ከፍ ብሎ ስለሚገኝ፣ ከጎሐ ጽዮን ወደ ደጀን ስትሻገሩ ከድልድዩ ሥር የምታዩት ውሃ አያትዎ በስልቻ ያቋረጡት ወራጅ ውሃ ነው።